ካሜራው የተበላሸ ዕለት

ኤሮል ሞሪስ ገና የሁለት ዓመት ሕፃን ሳለ ሐኪም የነበረው አባቱ ሞተ። የተወለደው በ1948 ነው (ዓመቶቹንም ወሮቹንም ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ያዙልኝ)፤ ቦታው ኒው ዮርክ አጠገብ፣ ሎንግ አይላንድ ላይ ያለች ሂውሌት የምትባል መንደር። ያሳደገችው እናቱ ከጁሊያርድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት የተመረቀች አስተማሪ ነበረች፤ ልጁም ቼሎ ተማረ። ዓይኑ ይንሸዋረር ስለነበር ሐኪሞች ጤነኛውን ዓይን ሸፍኖ ደካማውን እንዲያሠራ ቢያዝዙት አሻፈረኝ አለ። በዚህ ጠንቅ የአንዱ ዓይኑ ብርሃን ደከመ፤ ሁለት ዓይን ተጋግዞ የሚሰጠውን የጥልቀት እይታም አጣ። እንጀራው የሆነው ግን ማየትና ማሳየት ነው።

በ1969 ከዊስኮንሲን ዩኒቨርሲቲ በታሪክ ተመረቀ። ቀጥሎ ፕሪንስተን ገባና የሳይንስ ታሪክ ማጥናት ጀመረ፤ አስተማሪው ስለ ሳይንሳዊ አብዮቶች በጻፈው መጽሐፍ ስሙ የገነነው ቶማስ ኩን ነበር። ኩን እንደሚያስተምረው፣ ያለፈ ዘመን ሳይንቲስትና የዛሬው በተለያየ ዓለም ውስጥ እንዳሉ ያህል ናቸው፤ የአንዱ ቋንቋ ለሌላው አይፈታም። ተማሪው ጠየቀ፦ እንዲያ ከሆነ ታሪክ ጸሐፊው ራሱ ያለፈውን በምን ቋንቋ ተረድቶ ይጽፈዋል? ሞሪስ እንደሚተርከው፣ ክርክሩ ሲጋጋል ኩን በሲጋራ ቁራጭ የተሞላ መተርኮሻ አንሥቶ ወረወረበት። ኩንን የሚያውቁ አንዳንድ ሰዎች ይህን አያምኑም። መተርኮሻው ተወረወረም አልተወረወረ፣ ሞሪስ ፕሪንስተንን ለቀቀ፤ ቂሙ ግን አልለቀቀውም። በ2018፣ ሰባ ዓመት ሲሆነው፣ በዚያው መተርኮሻ ስም አንድ ሙሉ መጽሐፍ አሳተመ።

ይህን ያነሣሁት ለወሬ ማጣፈጫ አይደለም። ሰውየው ዕድሜ ልኩን የተከራከረው በዚህ ነገር ነው። አንድ ሰው ሽጉጥ ተኩሷል ወይም አልተኮሰም፤ ይህ እንደ ተመልካቹ የሚለዋወጥ ጉዳይ አይደለም። እውነትን ማግኘት ሊያስቸግር ይችላል፤ ማስቸገሩ ግን የለም አያሰኘውም።

ከፕሪንስተን ወደ ካሊፎርኒያ፣ በርክሌይ፣ ለፍልስፍና ትምህርት ሄደ። እሱንም አልጨረሰም፤ ቀኑን የሚያሳልፈው ከመማሪያ ክፍል ይልቅ የድሮ ፊልሞች በሚታዩበት የዩኒቨርሲቲው የፊልም ማኅደር ውስጥ ነበር። ከዚያ ተነሥቶ ፕሌይንፊልድ ወደምትባል የዊስኮንሲን ከተማ ወረደና ኤድ ጊን ስለተባለው ነፍሰ ገዳይና መቃብር ፈንቃይ ሰው ያናግር ጀመር፤ ጊንንም የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ድረስ ሄዶ አነጋገረው። አንድ ጥያቄ እንቅልፍ ነሣው፦ ጊን የገዛ እናቱን መቃብር ቆፍሮ ነበር ወይ? ጀርመናዊው የፊልም ዳይሬክተር ቨርነር ኸርዞግ ይህን ሲሰማ፣ ለምን ራሳችን ቆፍረን አናይም አለው። ቀን ቆረጡ። ኸርዞግ በቀጠሮው ደረሰ፤ ሞሪስ ቀረ። ኋላ ኸርዞግ በዚያችው ከተማ የራሱን ፊልም ሲቀርጽ ሞሪስ ያየሁትን አገር ሰረቀኝ ብሎ ተቀየመ። ኸርዞግ ሁለት ሺህ ዶላር በፖስታ አድርጎ ሰጠው። ሞሪስ ፖስታውን በመስኮት ወረወረው፤ ኸርዞግ ወርዶ ከመኪና ማቆሚያው አንሥቶ መለሰለት።

ገንዘቡ ፍሎሪዳ ውስጥ ወዳለችው ቨርነን ወሰደው። የኢንሹራንስ ሰዎች ይህችን ከተማ በ«ጉማድ» ስም ያውቋት ነበር፤ ነዋሪዎቿ ለካሳ ክፍያ ሲሉ እጅና እግራቸውን በገዛ እጃቸው ያጎድላሉ ተብሎ ይወራ ነበርና። ሞሪስ ይህን ሊመረምር ሄዶ የግድያ ዛቻ ደረሰበት። ጉዳዩን ትቶ ስለ ከተማዋ አዛውንቶች፣ ስለ ዱር ቱርክ አዳኞቿና ስለ ሰባኪዋ አንድ አጭር እንግዳ ፊልም ሠራ፤ የወጣው በ1981 ነው። ከእሱ አስቀድሞ ግን በ1978 የበኩር ሥራው ለሕዝብ ታይቶ ነበር። ጋዜጣ ላይ 450 የሞቱ የቤት እንስሳት ከአንድ መቃብር ወደ ሌላ ሊዛወሩ ነው የሚል ርእስ አይቶ ነው የጀመረው። ኸርዞግ ያን ፊልም ትጨርሳለህ ብሎ አላመነም፤ እኛ «ጆሮዬን ቁረጠኝ» እንደምንለው እሱ ጫማዬን እበላለሁ አለ። ፊልሙ አለቀ። ኸርዞግ ጫማውን በነጭ ሽንኩርትና በቅመም አስቀቅሎ በርክሌይ በሚገኝ ሲኒማ ቤት በተመልካች ፊት በላው። ይህም ራሱ በሌላ ባለሙያ ተቀርጾ ፊልም ሆኗል።

ምስጋናው እንጀራ አልሆነም። ሁለት ፊልም የሠራው ሰው የሚቀጥለውን የሚሠራበት ገንዘብ አጥቶ፣ በሰማንያዎቹ መጀመሪያ ኒው ዮርክ ውስጥ የግል መርማሪ ሆኖ ተቀጠረ። ሥራው ሰነድ ማገላበጥ፣ በር ማንኳኳት፣ ሰው ማስለፍለፍ ነበር። የኋላ ፊልሞቹን ላየ ሰው፣ ፕሪንስተንም በርክሌይም ያላስተማሩትን እዚያ የተማረ ይመስላል፦ ዝም ብሎ መስማት። ጥያቄ ያልተደረተበት ሰው ሦስት ደቂቃ ብቻውን ካወራ፣ ሊደብቅ ያሰበውን ራሱ ይዞ ይወጣል።

በ1985 ቴክሳስ ሄደ። ሊቀርጽ ያሰበው ጄምስ ግሪግሰን የተባሉትን የዳላስ የሥነ አእምሮ ሐኪም ነበር። በቴክሳስ ሕግ፣ የፍርድ ሸንጎ የሞት ቅጣት ለመወሰን ወንጀለኛው ወደፊትም ለኅብረተሰቡ አደገኛ እንደሚሆን ማመን ነበረበት። ግሪግሰን ችሎት ቀርበው፣ አዎ፣ ይህ ሰው ዳግመኛ ይገድላል ብለው በእርግጠኝነት ይመሰክራሉ። ተከሳሹን ያነጋገሩት ለጥቂት ጊዜ ብቻ ቢሆንም ቃላቸው አይወላውልም። «ዶክተር ሞት» የሚል ስም ወጥቶላቸው ነበር። ስለ እሳቸው ሳነብ ትዝ ያለኝ የአገራችን ሌባ ሻይ ነው። ድሮ ዕቃ ሲሰረቅ፣ አንድ ልጅ መድኃኒት ጠጥቶ ይሰክርና በገመድ ታስሮ መንደር ለመንደር ይነዳ ነበር፤ ደጁ ላይ የተዘረረበት ሰው ሌባ ነው፣ ዕዳውንም ይከፍላል። እኛ ያን ከተውነው ቆየን። ዳላስ ላይ ልጁ ነጭ ጋዋን ለብሶ ችሎት ገብቶ ነበር።

ግሪግሰን ራሳቸው፣ ሂድና የመሰከርኩባቸውን እስረኞች አነጋግር አሉት። ካነጋገራቸው አንዱ ራንዳል ዴል አዳምስ ነበር። ይህ ሰው ከኦሃዮ የመጣ የቀን ሠራተኛ ነው። ከወንድሙ ጋር ወደ ካሊፎርኒያ ሲጓዙ በ1976 ኅዳር ወር ዳላስ አረፉ፤ ሥራም አገኘ። አንድ ቅዳሜ ቤንዚን አልቆበት መንገድ ላይ ሲሄድ ዴቪድ ሃሪስ የሚባል የ16 ዓመት ልጅ መኪና አቁሞ ጫነው። መኪናው የተሰረቀ ነበር፤ ልጁ የአባቱን ሽጉጥም ይዟል። ቀኑን አብረው ዋሉ፤ ቢራ ጠጡ፤ ማታ መኪና ውስጥ ተቀምጠው ፊልም አዩ። ከእኩለ ሌሊት በኋላ፣ ኅዳር 28፣ ሮበርት ዉድ የተባለ ፖሊስ የፊት መብራት ሳያበራ የሚሄድ ሰማያዊ መኪና አስቆመ። ወደ ሾፌሩ መስኮት ሲጠጋ ተተኮሰበትና ሞተ። መኪናው አመለጠ። አብራው የነበረችው ፖሊስ የሰሌዳውን ቁጥር አልያዘችም።

ሃሪስ ቪዶር ወደምትባል ከተማው ተመልሶ፣ ዳላስ ላይ ፖሊስ ገደልኩ እያለ ለጓደኞቹ ጉራ ነፋ። ተያዘ። ሲጠየቅ፣ ያወራሁት ጉራ ነው፣ የተኮሰው አዳምስ ነው አለ። እዚህ ላይ ነው ነገሩ የሚመረው። ልጁ ዕድሜው ስላልደረሰ በሞት ሊቀጣ አይችልም፤ የተገደለው ደግሞ ፖሊስ ነው፤ ከተማው የሚገደል ሰው ይፈልግ ነበር። አዳምስ ደግሞ ለአቅመ ሞት የደረሰ መጻተኛ ነበር። በ1977 ሸንጎው ጥፋተኛ አለው፤ ግሪግሰን መሰከሩበት፤ የሞት ፍርድ ተፈረደ። በ1979 ሊገደል ሦስት ቀን ሲቀረው የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ አገዱት። በሚቀጥለው ዓመት ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ፣ የሸንጎው አባላት የተመረጡበት መንገድ ሕግ የጣሰ ነው ብሎ በስምንት ድምፅ ለአንድ የሞት ቅጣቱን ሻረው። እንግዲህ እንደገና ይዳኛል ሲባል፣ የግዛቱ ገዥ ቅጣቱን ወደ ዕድሜ ልክ ቀየሩት። ምሕረት ይመስላል፤ ሥራው ግን ክርክሩ ዳግመኛ እንዳይከፈት በሩን መዝጋት ነበር።

ሞሪስ መጀመሪያ ላይ አዳምስን አላመነውም ነበር፤ ንጹሕ ነኝ የማይል እስረኛ የት አለ? ሐሳቡን የለወጠው መዝገብ ነው። የችሎቱን ቃለ ጉባኤ አነበበ፤ ከዚያም የዐቃቤ ሕጉን ፋይል አገላበጠ። ከምስክሮቹ አንዷ፣ ፖሊስ ካሰለፋቸው ሰዎች መካከል አዳምስን ለይቼ አወጣሁ ብላ ምላ ነበር። መዝገቡ ግን የለየችው ሌላ ሰው እንደነበር ይናገራል። ሞሪስ ካሜራ ፊት አስቀምጦ ሲያነጋግራት፣ እንደተሳሳተች የነገራትና ትክክለኛው የትኛው እንደሆነ ያሳያት ፖሊስ መሆኑን እንደ ዋዛ ተረከችለት። አላስጨነቃትም፤ አልጮኸባትም። ያወራችው ደስ ብሏት ነው።

ከሁለት ዓመት በላይ ፈጀ። ሃሪስ በዚህ ጊዜ በሌላ ግድያ ተፈርዶበት ራሱ ሞት የሚጠብቅ እስረኛ ሆኖ ነበር። በ1986 ታኅሣሥ ሞሪስ ለመጨረሻው ቃለ መጠይቅ ወደ እስር ቤት ሲሄድ ካሜራው ተበላሸ። በእጁ የቀረው አንዲት ትንሽ ቴፕ መቅረጫ ነበረች። ያን ዕለት ሃሪስ፣ አዳምስ ንጹሕ መሆኑን እንዴት ታውቃለህ ተብሎ ሲጠየቅ፣ የማውቀው እኔ ስለሆንኩ ነው ብሎ መለሰ። ተኩሻለሁ የምትለዋን ቃል ከአፉ አላወጣም፤ ማውጣትም አላስፈለገውም። ያን ሌሊት አዳምስ ማደሪያ ቢሰጠኝ ኖሮ ይህ ሁሉ ባልደረሰበት ነበር የሚል ነገርም ጨመረበት። በፊልሙ መጨረሻ ላይ የምናየው ፊት የለም፤ ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠች ቴፕ ከዚህም ከዚያም ትታያለች፣ ድምፁ ይሰማል። ካሜራው ባይበላሽ ኖሮ አንድ እስረኛ ሲያወራ እናይ ነበር። ሲኒማን እንዲህ የካሰ ብልሽት ሌላ አላውቅም።

ፊልሙ በ1988 «ቀጭኑ ሰማያዊ መስመር» በሚል ርእስ ወጣ። ሙዚቃው የፊሊፕ ግላስ ነው፤ እየተሽከረከረ መጀመሪያው ላይ የሚመለስ፣ መውጫ እንዳጣ ሰው። ብዙ ያነጋገረው ግን ሌላ ነው። ሞሪስ ግድያውን ተዋንያን ቀጥሮ ደጋግሞ አሠራው፤ የሚያሳየው ደግሞ የሆነውን ሳይሆን እያንዳንዱ ምስክር ሆነ ያለውን ነው። በአንዱ ትርክት መኪናው ውስጥ አንድ ሰው አለ፤ በሌላው ሁለት። በአንዱ ባልደረባዋ ፖሊስ ደንቡ እንደሚያዝዘው ከመኪና ወጥታ ቆማለች፤ በሌላው ውስጥ ተቀምጣለች፤ የሚልክሼክ ብርጭቆዋ በመስኮት እየተንሳፈፈ ቀስ ብሎ መሬት ይወድቃል። ያን ጊዜ ዘጋቢ ፊልም ማለት በእጅ የተያዘ የሚንቀጠቀጥ ካሜራ፣ ያልተቀናበረ ብርሃን፣ ያገኘኸውን ብቻ መቅዳት ነበር። ብዙዎች ይህማ ልብወለድ ነው አሉት። የኦስካር ሰዎችም ለዕጩነት እንኳ አላበቁትም። እኔ ግን ተወቃሾቹ እነሱ ናቸው እላለሁ። የሚንቀጠቀጥ ካሜራም ይዋሻል፤ እነዚያ የተቀናበሩ ትዕይንቶች ግን ጎን ለጎን ሲቆሙ እርስ በርስ ይካካዳሉ፣ እንደ በላ ልበልሃ ተሟጋቾች። ተመልካቹ በመሃል ዳኛ ሆኖ ይቀራል።

በዚያው ዓመት መጨረሻ ዳላስ ላይ ጉዳዩ እንደገና ተሰማ፤ ሃሪስም ቀርቦ የቀድሞ ቃሉን አጠፈ። ዳኛው ላሪ ባራካ አዳምስ አዲስ ችሎት ይገባዋል አሉ። በ1989 መጋቢት መጀመሪያ የግዛቱ የወንጀል ይግባኝ ፍርድ ቤት ፍርዱን ሻረ፤ መጋቢት 21 አዳምስ ከ12 ዓመት በኋላ ወጣ፤ ዐቃቤ ሕግም ክሱን ተወ። ካሳ የሚባል ነገር አልሰጡትም።

ከዚያ የመጣው ነገር ፊልሙ ውስጥ የለም። አዳምስ ሞሪስን ከሰሰ። እስር ቤት ሳለ የሕይወት ታሪኩን መብት ለሞሪስ በውል ሰጥቶ ነበር፤ ሲወጣ የቀረው ሀብት ያ ታሪክ ብቻ ሆነና መልሱልኝ አለ። ከችሎት ውጭ ተስማሙ፤ መብቱ ተመለሰለት። ሞሪስ በዚህ እንዳዘነ ደጋግሞ ተናግሯል። እኔ ግን በአዳምስ አልፈርድም። አገሩ 12 ዓመቱን ያለ ዋጋ ወስዳበታለች፤ የቀረውንም ሌላ ሰው በፊርማ ይዞታል። ነፍስህን ያዳነልህ ሰው ስለሆነ ብቻ ንብረትህን ይያዝ አይባልም። ሃሪስ በ2004 በሌላኛው ግድያ ምክንያት በመርፌ ተገደለ። አዳምስ በ2010 በጸጥታ ሞተ፤ ሞቱ በጋዜጣ የተሰማው ከወራት በኋላ ነበር።

ሞሪስ በዘጠናዎቹ ስለ ፊዚክስ ሊቁ ስቲቨን ሆኪንግ፣ ስለ አንበሳ አሠልጣኝና ስለ ሮቦት ሠሪ፣ የሰው መግደያ መሣሪያ ስለሚያድስ የቦስተን ሰው ፊልም ሠራ። ኑሮውን የሚደጉመው የቢራና የኮምፒውተር ማስታወቂያ በመቅረጽ ነበር። በዚህ ዘመን አንድ መሣሪያም አበጀ፤ ኢንተሮትሮን የሚል ስም ያወጣችለት ሚስቱ ናት። የዜና አንባቢ ጽሑፍ የሚያይበትን መስታወት ሁለት አድርጎ አገናኘው፤ ተጠያቂው የሞሪስን ፊት የሚያየው በካሜራው ሌንስ ላይ ነው። ስለዚህ ለሞሪስ ሲያወራ በቀጥታ የሚያየው እኛን ነው። ሲዋሽም ዓይን ለዓይን እያየን ይዋሻል።

በዚህ መሣሪያ ፊት የተቀመጡት ትልቁ ሰው ሮበርት ማክናማራ ናቸው፤ የኬኔዲና የጆንሰን መከላከያ ሚኒስትር፣ ኋላም የዓለም ባንክ ፕሬዚዳንት። ዕድሜያቸው 85 ነበር። ሃያ ሰዓት ያህል አወሩ። በ1945 አንድ ሌሊት ቶኪዮ ላይ በወረደ እሳት መቶ ሺህ ያህል ሰው ሲያልቅ እሳቸው ወጣት የአየር ኃይል መኮንን ሆነው ስሌቱን ከሠሩት መካከል ነበሩ። ብንሸነፍ ኖሮ እንደ ጦር ወንጀለኛ በተከሰስን ነበር ይላሉ። ስለ ቬትናም ጥፋት ግን ይቅርታ ተጠይቀው ደጃፉ ድረስ መጥተው ይመለሳሉ። ፊልሙ በ2004 ኦስካር አገኘ፤ ከ15 ዓመት በፊት የነፈጉት ሰዎች ሰጡት።

በ2008 ወደ አቡ ግሬብ ዞረ፤ የአሜሪካ ወታደሮች የኢራቅ እስረኞችን እያዋረዱ ፎቶ የተነሡበት እስር ቤት። ሞሪስ የጠየቀው ፎቶው የማያሳየውን ነው። አንዲት ወታደር በሬሳ አጠገብ አውራ ጣቷን ቀስራ ፈገግ ብላለች፤ ዓለም ረገማት። ሰውየውን የገደለው ማነው? በአሜሪካ የስለላ ድርጅት ሰዎች ምርመራ ላይ ሳለ የሞተ እስረኛ ነበር፤ ለሞቱ ማንም አልተፈረደበትም። የተቀጡት ፎቶ ውስጥ የነበሩት ናቸው፤ ከፎቶው ውጭ የቆሙት እቤታቸው ገቡ። ፊልሙ በበርሊን ትልቅ ሽልማት ቢያገኝም፣ ለአንዳንድ ተጠያቂዎች ገንዘብ መከፈሉ ሲታወቅ ሞሪስ ተወቀሰ። ወቀሳው ተገቢ ነበር ባይ ነኝ፤ ቢያንስ ለተመልካች ይነገረው ነበር።

ከዚያ ወዲያ አንድ ነገር እየጎላ መጣ። በ2013 በኢራቅ ጦርነት ጊዜ የአሜሪካ መከላከያ ሚኒስትር የነበሩትን ዶናልድ ረምስፌልድን ብዙ ሰዓት አነጋገራቸው። እሳቸው አላለቀሱም፤ አልተንተባተቡም፤ ፈገግ አሉ። በመጨረሻ ለምን ሊያነጋግሩኝ ፈቀዱ ሲላቸው፣ እኔም ባወቅሁት ብለው እንደገና ፈገግ አሉ። በዝምታ ሰውን ማስለፍለፍ፣ ቪዶር ላይ ያደገን ወመኔና በሐሰት የማለች ምስክር ያጋለጠ ዘዴ፣ ሃምሳ ዓመት በመግለጫ ለኖረ ባለሥልጣን አልበቃም። ወረቀት የለመደ ሰው ከወረቀቱ ጀርባ አይወጣም።

በ2017 ሞሪስ ወደ ሙት ተመለሰ። ፍራንክ ኦልሰን የተባለ የመንግሥት የሥነ ሕይወት ተመራማሪ በ1953 ከኒው ዮርክ ሆቴል መስኮት ወድቆ ሞቶ ነበር፤ የስለላ ድርጅቱ ሰዎች ሳያውቅ ኤልኤስዲ የተባለ ቅዠት የሚያመጣ ዕፅ አጠጥተውት እንደነበር የታወቀው ከሃያ ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ዘለለ ወይስ ተገፋ? ልጁ ዕድሜውን በዚህ ጥያቄ ጨረሰ። ስድስት ክፍል ያለው ፊልም፣ ከፊሉ በተዋንያን፣ ከፊሉ በቃለ መጠይቅ። ኦልሰን የሞተው ኅዳር 28 ነው፤ የዳላሱ ፖሊስ በሞተበት ቀን፣ 23 ዓመት ቀደም ብሎ። ግጥምጥሞሽ ነው፣ ሌላ ምንም አይደለም፤ እኔ ግን ሳየው ደንግጫለሁ።

በ2024፣ በ76 ዓመቱ፣ በሜክሲኮ ድንበር ስደተኛ ወላጆችንና ልጆችን ለይቶ ስለያዘው የ2018ቱ የአሜሪካ መንግሥት ፖሊሲ ፊልም ሠራ። በነሐሴ መጨረሻ ቬኒስ ላይ ታየ፤ በጥቅምት ጥቂት ሲኒማ ቤቶች ገባ። ሞሪስ ከኅዳሩ ምርጫ በፊት በቴሌቪዥን እንዲታይ ፈልጎ፣ ይህ አለመሆኑን በአደባባይ ነቀፈ። በቴሌቪዥን የተላለፈው ታኅሣሥ 7 ነው፤ ድምፅ ከተሰጠ አንድ ወር አልፎ።